ቋንቋ በሰዎች መካከል ትርጉም የሚፈጥረው እንዴት ነው? ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

እዚህ የቀረቡት ጥያቄዎች ስለ ቋንቋና ስለ ማኅበራዊ ሕይወት በተነሣ ቁጥር ተመላልሰው የሚመጡ ናቸው። መልሶቹ በሥነ ልሳን፣ በፍልስፍናና በማኅበረሰብ ጥናት የታወቁ ሐሳቦችን ይዘዋል፤ ምሳሌዎቹ ግን አንባቢው በራሱ ጆሮ እንዲመዝናቸው በአብዛኛው ከአማርኛ የተወሰዱ ናቸው። የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ ጎርጎርዮስ አቆጣጠር ናቸው።

የቃላት ትርጉም በመዝገበ ቃላት ተጽፎ ይገኛል። ታዲያ ትርጉም በሰዎች መካከል ይፈጠራል ማለት ለምን አስፈለገ?

መዝገበ ቃላት አንድ ቃል በብዙ ሰዎች አንደበት ምን ምን ሲያገለግል እንደኖረ ይመዘግባል፤ አንድ ሰው አሁን፣ በዚህ ቦታ፣ ለዚህ አድማጭ ሲናገረው ምን ማለቱ እንደሆነ ግን ሊነግረን አይችልም። «ጎበዝ» የሚለውን ቃል እንውሰድ። ፈተናዋን ላለፈች ልጅ ሲነገር ሙገሳ ነው። ብርጭቆ ሰብሮ ለቆመ ሰው ሲነገር ወቀሳ ነው። በተሰበሰበ ሰው ፊት «ኧረ ጎበዝ፣ ተረጋጉ!» ሲባል ደግሞ መጥሪያ ብቻ ነው፤ የሚሞገስም የሚወቀስም የለም። ቃሉ ያው አንድ ቃል ሆኖ ሳለ አድማጩ ሦስቱን አያምታታም፤ ምክንያቱም የሚሰማው ቃሉን ለብቻው ነጥሎ ሳይሆን ከተናጋሪው፣ ከሆነው ነገርና ከቦታው ጋር አያይዞ ነው።

በጽሑፍም ቢሆን ነገሩ ከዚህ የራቀ አይደለም። «አለ» የሚለው ቃል ላልቶ ሲነበብ «ተናገረ» ማለት ነው፤ ጠብቆ ሲነበብ «ይገኛል» ማለት ነው። ፊደላችን መጥበቅንና መላላትን ለይቶ ስለማያሳይ ልዩነቱን የሚያወጣው አንባቢው ራሱ ነው፤ ያውም ሳያስበው፣ ከፊትና ከኋላ ካሉት ቃላት ተነሥቶ። ስለዚህ አማርኛ የሚያነብ ሰው ሁሉ ትርጉምን ከዐውድ የማውጣትን ሥራ በየመስመሩ ሲሠራ ይውላል።

የስዊዘርላንዱ የሥነ ልሳን ሊቅ ፈርዲናንድ ደ ሶሱር በ1913 ካረፈ በኋላ፣ በ1916 ታትሞ በወጣው ትምህርቱ ውስጥ ድምፅና ሐሳብ የተያያዙት በተፈጥሮ ሳይሆን በማኅበረሰብ ስምምነት እንደሆነ፣ ይህን ስምምነትም አንድ ሰው ለብቻው ሊያፈርሰው እንደማይችል ተብራርቷል። ፈላስፋው ሉድቪግ ቪትገንሽታይን ደግሞ ካረፈ ከሁለት ዓመት በኋላ በ1953 በታተመው ሥራው፣ የአንድን ቃል ትርጉም ለማወቅ የምንፈልግ ከሆነ ሰዎች በቃሉ ምን እንደሚሠሩበት እንድንመለከት አሳሰበ። ይህ ማለት ግን ቃላት ባዶ ናቸው፣ እያንዳንዱ ሰው የፈለገውን ይሞላባቸዋል ማለት አይደለም። ስምምነቱ የጋራ ስለሆነ ገደብ አለው፤ «ጎበዝ» ብሎ «ነገ ይዘንባል» ማለት አይቻልም።

«ዐውድ» ሲባል በትክክል ምን ማለት ነው? ከፊትና ከኋላ ያሉት ዓረፍተ ነገሮች ብቻ ናቸው?

እነሱም አንድ ክፍል ናቸው፤ ነገር ግን ዐውድ ከዚያ በጣም ይሰፋል። ሐሳቡን በግልጽ ካስቀመጡት ሰዎች አንዱ የሰዎችን ባህልና ኑሮ ያጠና የነበረው ብሮኒስላቭ ማሊኖቭስኪ ነው። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ዓመታት ዛሬ በፓፑዋ ኒው ጊኒ በሚገኙት በትሮብሪያንድ ደሴቶች ከነዋሪዎቹ ጋር እየኖረ ቋንቋቸውን አጠና፤ በ1923 ባሳተመው ጽሑፍም አንድ ችግሩን ገለጸ። የታንኳ ጉዟቸውን የሚተርኩ ሰዎች የተናገሩትን ቃል በቃል ሲተረጉመው ስለ ፊት እንጨትና ስለ ኋላ እንጨት የሚያወራ፣ መያዣ መጨበጫ የሌለው ነገር ሆነበት። «እንጨት» ያሉት ታንኳን መሆኑ ሲታወቅ እንኳ ነገሩ አልተፈታም። ንግግሩ ትርጉም የሰጠው ታንኳዎቹ እንደሚሽቀዳደሙ፣ ተናጋሪዎቹም ሌሎቹን ቀድመናል ብለው እየፎከሩ እንደነበር ከታወቀ በኋላ ነው። የጎደለው የቃላት ፍቺ አልነበረም፤ ስለ ኑሯቸው የነበረው ዕውቀት ነበር።

ሐሳቡን በለንደን ጆን ሩፐርት ፈርዝ አስፋፋው፤ የእርሱ ተማሪ የነበረው ማይክል ሃሊዴይ ደግሞ ዐውድን በሦስት ጥያቄዎች ከፍሎ መመልከት እንደሚቻል አሳየ። እየተከናወነ ያለው ጉዳይ ምንድን ነው? የሚነጋገሩት ሰዎች እርስ በርስ ምን ዓይነት ግንኙነት አላቸው? ቋንቋውስ የሚተላለፈው በምን መንገድ ነው፤ በቃል፣ በጽሑፍ ወይስ በሌላ? አንድ ሐኪም ስለ አንድ በሽታ ለሥራ ባልደረባው፣ ለታማሚው እና ለታማሚው ትንሽ ልጅ ሲናገር የሚመርጣቸው ቃላት የሚለያዩት በሽታው ስለተለየ አይደለም፤ ሁለተኛው ጥያቄ ስለተለወጠ ነው።

እዚህ ላይ ብዙ ጊዜ የሚዘነጋ ነገር አለ። ዐውድ ንግግር የሚቀመጥበት የተዘጋጀ ዕቃ አይደለም፤ ንግግሩ ራሱ ዐውዱን ይሠራል። ሁለት ሰዎች ሲጨዋወቱ ቆይተው አንዱ «በል እንግዲህ» ካለ፣ ስለ ዓለም ምንም አዲስ ነገር አልተናገረም፤ ነገር ግን ከዚያች ቅጽበት ጀምሮ ጨዋታው ስንብት ሆኗል። ቀጥሎ የሚነገረው ሁሉ የሚሰማው በስንብት ጆሮ ነው።

«መናገር ማድረግ ነው» የሚባለው ለምንድን ነው?

ብዙ ንግግሮች እውነት ወይም ሐሰት ተብለው ሊመዘኑ ስለማይችሉ ነው። «ቃል እገባልሃለሁ»፣ «ይህን ልጅ አደራ ብዬሃለሁ»፣ «ስብሰባው ተከፍቷል» የሚሉት ንግግሮች አስቀድሞ የነበረን ነገር አይገልጹም፤ ሲነገሩ ቃል ኪዳኑ፣ አደራው፣ ስብሰባው ይፈጠራል። የኦክስፎርዱ ፈላስፋ ጆን ኦስቲን ይህን ሐሳብ በ1955 በሃርቫርድ በሰጣቸው ተከታታይ ንግግሮች አብራራው፤ ንግግሮቹም ካረፈ በኋላ በ1962 ታትመው ወጡ። እንዲህ ያለው ንግግር «ሐሰት» ሊባል ባይችልም ሊከሽፍ ግን ይችላል። ሰብሳቢ ያልሆነ ሰው በአዳራሹ በር ላይ ቆሞ «ስብሰባው ተከፍቷል» ቢል ቃሎቹ ትክክል ናቸው፤ ስብሰባ ግን አልተከፈተም። ድርጊቱን የሚያጸናው ማኅበረሰቡ ለተናጋሪው የሰጠው ሥልጣን ነው።

ኦስቲን በእያንዳንዱ ንግግር ውስጥ ሦስት ነገሮችን ለየ፦ የተባለውን፣ በመባሉ የተደረገውን እና ከዚያ የተከተለውን ውጤት። «ወንዙ ሞልቷል» የሚለው ንግግር ለመንገደኛ ማስጠንቀቂያ ነው፤ አርፍዶ ለመጣ ሰው ምክንያት ማቅረቢያ ነው፤ ውኃ ሲጠብቅ ለከረመ ገበሬ የምሥራች ነው። የተባለው አንድ ነው፤ የተደረገው ሦስት ነው። ውጤቱ ደግሞ ከተናጋሪው እጅ የወጣ ነው፤ መንገደኛው ማስጠንቀቂያውን ሰምቶ ሊመለስም፣ ሊሻገርም ይችላል።

«ይቅርታ» ብሎ ይቅርታ አለመጠየቅ ይቻላል?

ይቻላል፤ ይህን በጥንቃቄ ማየትም ይገባል፤ ምክንያቱም ብዙ ዕርቅ የሚፈርሰው እዚህ ላይ ነው። ሦስት አባባሎችን እናነጻጽር። «በድዬሃለሁ፣ ይቅር በለኝ» በሚለው ውስጥ በዳይ አለ፣ ተበዳይ አለ፣ በደሉም የተፈጸመ ነገር ሆኖ ተነግሯል። «ቅር ያለህ ነገር ካለ ይቅርታ» በሚለው ውስጥ በደሉ «ካለ» በምትለው ቃል ወደ ጥርጣሬ ተዛውሯል፤ ከዚያም አልፎ ጉዳዩ ከተናጋሪው ሥራ ተነሥቶ በአድማጩ ስሜት ላይ ተቀምጧል። «ለተፈጠረው ነገር ይቅርታ ተጠይቋል» በሚለው ውስጥ ደግሞ ማን እንዳደረገውም፣ ማን እንደጠየቀውም አይታወቅም። ሦስቱም «ይቅርታ» ወይም «ይቅር» የሚል ቃል አላቸው። የተበደለ ሰው ሁለተኛውን ወይም ሦስተኛውን ሰምቶ «ይቅርታ አልተጠየቅሁም» ቢል ግትር ነው ማለት ስሕተት ነው፤ ያልተደረገ ነገር እንዳልተደረገ በትክክል ሰምቷል።

ሰው ያልተናገረውን ነገር እንዴት እንረዳለን?

አንዱ ጓደኛውን «ያዋስሁህን መጽሐፍ ወደድከው?» ብሎ ይጠይቀዋል። ጓደኛውም «ሽፋኑ በጣም ያምራል» ብሎ ይመልሳል። ስለ ይዘቱ አንድም ቃል አልተነገረም፤ ሆኖም ጠያቂው ምላሹን አግኝቷል። ፈላስፋው ፖል ግራይስ ይህ እንዴት እንደሚሆን የሰጠው ማብራሪያ እስከ ዛሬ የዘርፉ መሠረት ነው። ስንነጋገር ሌላው ሰው የሚተባበረን መሆኑን፣ ማለትም እውነቱን፣ የሚበቃውን ያህል፣ ከጉዳዩ ሳይወጣ፣ በግልጽ እንደሚናገር አስቀድመን እንቀበላለን። ምላሹ ከጉዳዩ የወጣ ሲመስለን «ይህ ሰው አብዷል» አንልም፤ «ይህን ያለው አንድ ነገር ሊነግረኝ ፈልጎ ነው» ብለን ያን ነገር እንፈልጋለን። የምናገኘው እንድምታ ይባላል።

እንድምታ ከግልጽ ንግግር የሚለይበት ዋና ጠባይ ሊካድ መቻሉ ነው። «መጽሐፉ መጥፎ ነው አላልኩም» ማለት ይቻላል፤ ቃል በቃል ሲመረመርም እውነት ነው። ይህ ጠባይ በአንድ በኩል ጨዋነትን የሚያስችል ነው፤ ሰውን ሳናሳፍር እውነትን እንድንናገር ይረዳናል። በሌላ በኩል ግን ስም ማጥፋትና ማስፈራራት የሚሸሸጉበት ዋሻ ነው። «ልጆችህ በየትኛው መንገድ ወደ ትምህርት ቤት እንደሚሄዱ አውቃለሁ» ያለ ሰው በኋላ «ስለ መንገድ ነው ያወራሁት» ቢል ሊታመን አይገባም። የትኛውም ቃል አላስፈራራም፤ ሰውየው ግን አስፈራርቷል። ተናጋሪ አድማጩ ምን እንደሚረዳ እያወቀ ለተናገረው ነገር ተጠያቂ ነው ብሎ ማመን፣ በእኔ ግምት፣ ቋንቋ በእውነት እንዴት እንደሚሠራ መቀበል ብቻ ነው።

«እንዴት አደርክ?» የሚል ሰው ስለ አዳሬ መረጃ ይፈልጋል?

በአብዛኛው አይፈልግም። ማሊኖቭስኪ እንዲህ ያሉ ንግግሮች ሐሳብ ከማስተላለፍ ይልቅ ሰውን ከሰው ማያያዣ መሆናቸውን አስተውሏል። ይህ ግን ከንቱ አያደርጋቸውም። ዋጋቸው የሚታወቀው ሲቀሩ ነው፤ በየቀኑ ሰላም ይልህ የነበረ ሰው አንድ ቀን ዝም ብሎ ካለፈ፣ ምንም መረጃ ሳይጎድልብህ ትልቅ ነገር ጎድሎብሃል።

አንተ፣ አንቺ፣ እርስዎ፦ እነዚህ ትንንሽ ቃላት ይህን ያህል የሚከብዱት ለምንድን ነው?

ሮጀር ብራውንና አልበርት ጊልማን በ1960 ባሳተሙት ጥናት የአውሮፓ ቋንቋዎችን ተውላጠ ስሞች መርምረው ሁለት ኃይሎች እንደሚገዟቸው አሳዩ፦ የበላይነትና የቅርበት። የበላይና የበታች በሚነጋገሩበት ጊዜ አንዱ በአክብሮት ይጠራል፣ ሌላው በአንተታ ይመለስለታል። እኩል የሆኑ ሰዎች ደግሞ ቅርብ ከሆኑ በአንተታ፣ ሩቅ ከሆኑ በአንቱታ ይጠራራሉ። ችግሩ ቃሉ አንድ ሆኖ ሁለቱንም ሥራ መሥራቱ ነው። «አንተ» የወዳጅም፣ የናቂም ቃል ነው። ሲከባበሩ የኖሩ ሰዎች ወደ «አንተ» ሲሻገሩ መቀራረብ ሊሆን ይችላል፤ በጠብ መሐል የተደረገ ተመሳሳይ ሽግግር ግን ስድብ ነው። ተቃራኒውም አለ፤ ሲዋደዱ የኖሩ ሰዎች ሲኳረፉ አንዱ ሌላውን በድንገት «እርስዎ» ቢለው፣ አክብሮቱ ራሱ በር ሆኖ ተዘጋ ማለት ነው።

በአማርኛ ጉዳዩ ከተውላጠ ስም አልፎ ወደ ግሱ ገብቷል። ስለ አንድ ሰው መምጣት ስንናገር «መጣ»፣ «መጣች» ወይም «መጡ» ከማለት ውጭ ምርጫ የለንም፤ ሰውየው በቦታው ባይኖርም እንኳ ለእርሱ ያለንን ቦታ ሳንገልጽ መምጣቱን መናገር አንችልም። በእንግሊዝኛ የነጠላው የቅርበት ተውላጠ ስም ከዕለት ንግግር ስለጠፋ ለቅርብም ለሩቅም ያው አንድ ቃል ይነገራል፤ ይሁን እንጂ ምርጫው አልጠፋም፤ በስም መጥራት ወይም በማዕረግ መጥራት ወደሚለው ተዛውሯል። መከባበርንና መራራቅን የሚያስተናግድ መንገድ ሰዋስው ውስጥ ባይገኝ ሌላ ቦታ ይገኛል።

ሰዋስው ራሱ ማኅበራዊ ትርጉም ሊይዝ ይችላል? ወይስ ትርጉም የቃላት ሥራ ብቻ ነው?

አማርኛ ለዚህ ጥያቄ የሚሰጠው መልስ እጅግ የሚያምር ነው። «ዘነበ» የሚለውን ግስ ብንወስድ፣ ሁለት ሰዎች በአንድ ዝናብ ሥር ቆመው አንዱ «ዘነበልኝ»፣ ሌላው «ዘነበብኝ» ሊሉ ይችላሉ። ዝናቡ ያው ነው። የመጀመሪያው ዘር ዘርቶ የሚጠብቅ ነው፤ የሁለተኛው እህሉ አውድማ ላይ ነው። «ሕፃኑ ተኛልኝ» ያለች እናት ዕረፍት አግኝታለች፤ «ሕፃኑ ተኛብኝ» ያለችው ክንዷ ዝሏል ወይም ልትመግበው ትፈልግ ነበር። አንዲት ፊደል የተናጋሪውን አቋም፣ ጥቅሙንና ጉዳቱን ተሸክማ ትሄዳለች። «ታመመብኝ» የሚለው ቃል ስለ ታማሚው ብቻ ሳይሆን ታማሚው የእኔ ስለመሆኑ ይናገራል።

ሃሊዴይ ማንኛውም ዓረፍተ ነገር በአንድ ጊዜ ሦስት ሥራ ይሠራል የሚለው ለዚህ ነው፦ ስለ ዓለም የሆነውን ይገልጻል፣ በተነጋጋሪዎቹ መካከል ያለውን ግንኙነት ያበጃል፣ ራሱንም ከቀደመውና ከሚከተለው ንግግር ጋር ያያይዛል። መጀመሪያ ሐሳቡ ተነግሮ ግንኙነቱ በኋላ የሚጨመርበት አይደለም፤ ሦስቱም በአንድ ትንፋሽ ይወጣሉ።

የድምፅ ቃና ምን ያህል ለውጥ ያመጣል?

«እሺ» አጥሮ ሲነገር መስማማት ነው፤ ተጎትቶ ሲነገር «እናያለን» ማለት ሊሆን ይችላል፤ እየወጣ ሲሄድ «ቀጥል፣ እየሰማሁ ነው» ይሆናል። ይህን ማንም አላስተማረንም፤ ስለዚህ የሌላ ማኅበረሰብ ቃና የተለየ ሊሆን እንደሚችል አይታየንም።

ጆን ገምፐርዝ በ1982 ባሳተመው ሥራ የዘገበው ነገር ይህን በሚገባ ያሳያል። በአንድ የእንግሊዝ አውሮፕላን ማረፊያ የሠራተኞች ምግብ ቤት ውስጥ ከሕንድና ከፓኪስታን የመጡ ሴቶች ተቀጥረው ነበር፤ ተመጋቢዎቹና አለቆቻቸው ግን ትሕትና የላቸውም ብለው ያማርሩ ነበር። ሲጣራ ሴቶቹ ብዙ ቃል እንኳ አይናገሩም፤ ሥጋ ለወሰደ ሰው መረቅ ይፈልግ እንደሆነ ለመጠየቅ የሚሉት ያቺኑ «መረቅ» የምትለዋን አንዲት ቃል ነበር። እንግሊዛውያኑ በጥያቄ ጊዜ ቃሏን እያነሡ ሲጨርሱ፣ ሴቶቹ በለመዱት ቃና ዝቅ አድርገው ይጨርሷታል። ለእነርሱ ያ ቃና የጨዋ ጥያቄ ነበር፤ ለእንግሊዛዊው ጆሮ ግን «ይኸውልህ፣ ውሰድ» ይመስል ነበር። ሁለቱም ወገን የተሰማውን «ጠባይ» አድርጎ ወሰደው። በቃና ላይ የተፈጠረ አለመግባባት ክፋቱ ይህ ነው፤ የቃል ስሕተት እንደ ስሕተት ይታረማል፣ የቃና ስሕተት ግን በሰውየው ማንነት ላይ ይመዘገባል።

ዝምታስ ትርጉም አለው?

አለው፤ ርዝመቱም ይቆጠራል። በ2009 የታተመ በአሥር ቋንቋዎች ላይ የተደረገ ጥናት፣ በጥያቄና በመልስ መካከል ያለው ክፍተት በአማካይ ከአንድ ሴኮንድ አንድ አምስተኛ ገደማ እንደሆነ አሳይቷል። በቋንቋዎቹ መካከል ትንሽ ልዩነት ቢኖርም፣ የሚስማማ መልስ ከማይስማማው ፈጥኖ መምጣቱ የጋራ ጠባይ ሆኖ ተገኝቷል። «ነገ ትመጣለህ?» ተብሎ ዝም ያለ ሰው አፉን ከመክፈቱ በፊት ጠያቂው «ካልተመቸህ ግን ችግር የለም» የሚለው ከዚህ የተነሣ ነው፤ መልሱን ከዝምታው ሰምቶታል።

የምንናገርበት ዘዬ ማንነታችንን ያሳያል ወይስ ይፈጥራል?

ሁለቱንም ያደርጋል። የሥነ ልሳን ተመራማሪው ዊልያም ላቦቭ በ1960ዎቹ መጀመሪያ በኒው ዮርክ ከተማ የሠራው ጥናት የታወቀ ነው። በዋጋና በክብር ደረጃቸው በሚለያዩ ሦስት ትላልቅ መደብሮች ውስጥ ገብቶ፣ መልሱ «አራተኛ ፎቅ» የሚሆን ጥያቄ ለሻጮች ይጠይቅ ነበር፤ በእንግሊዝኛው ሐረግ ውስጥ ሁለት ጊዜ የሚመጣውን የ«ር» ድምፅ ይጠሩት እንደሆነ ለመስማት ነው። ካደመጣቸው 264 ሰዎች መካከል ድምፁን በሙሉ ወይም በከፊል የጠሩት በከፍተኛው መደብር 62 በመቶ፣ በመካከለኛው 51 በመቶ፣ በዝቅተኛው 20 በመቶ ነበሩ። ሻጮቹ ራሳቸው ሀብታሞች አልነበሩም፤ የደንበኞቻቸውን አነጋገር ለብሰው ነበር።

ከዚህ የሚበልጠው ቁም ነገር ግን ሌላ ነው። በእንግሊዝ አገር በዚያው ቦታ ላይ «ር»ን አለመጥራት የተከበረ አነጋገር ምልክት ነው። በአንድ አገር የዝቅታ ምልክት የሆነ ድምፅ በሌላው የክብር ከሆነ፣ ክብሩም ዝቅታውም በድምፁ ውስጥ አልነበረም ማለት ነው። በዘዬው ምክንያት «መናገር አይችልም» የተባለ ሰው ሁሉ የተፈረደበት በቋንቋ ጉድለት ሳይሆን በሌሎች ፍርድ ነው፤ ይህንንም በአስተማሪዎችና በቀጣሪዎች ፊት ደጋግሞ መናገር ተገቢ ይመስለኛል።

አንድን ክስተት የምንገልጽበት ቃል ሰዎች ስለ ክስተቱ ያላቸውን ግንዛቤ ይለውጣል?

ኤሊዛቤት ሎፍተስና ጆን ፓልመር በ1974 ለተማሪዎች የመኪና አደጋ ፊልም አሳይተው ፍጥነቱን እንዲገምቱ ጠየቋቸው። ጥያቄው የተለወጠው በአንድ ግስ ብቻ ነበር። መኪኖቹ «ሲላተሙና ሲደቃቁ» ዓይነት ከባድ ግስ የሰሙት በአማካይ በሰዓት 40.8 ማይል ሲገምቱ፣ «ሲነካኩ» የሚለውን የሰሙት 31.8 ማይል ገመቱ። በሁለተኛው ሙከራ ከሳምንት በኋላ የተሰበረ መስታወት አይተው እንደሆነ ተጠየቁ፤ በፊልሙ ውስጥ የተሰበረ መስታወት አልነበረም። ከባዱን ግስ ከሰሙት 50 ሰዎች 16ቱ አይተናል አሉ፤ «ሲጋጩ» የሚል ቀለል ያለ ግስ ከሰሙት 50 ሰዎች ግን 7ቱ ብቻ። ጥያቄው ትዝታ ውስጥ ገባ።

ሰዋስውም እንዲሁ ያደርጋል። «ድርጅቱ ሠራተኞቹን አባረረ» በሚለው ዓረፍተ ነገር አባራሪው ባለቤት ሆኖ ቆሟል። «ሠራተኞቹ ተሰናበቱ» ሲባል ግን ድርጅቱ ከዓረፍተ ነገሩ ወጥቷል፤ «ተሰናበተ» ደግሞ በራሱ ፈቃድ ደኅና ሁኑ ብሎ ለሄደ ሰውም የሚነገር ስለሆነ፣ የተባረሩት ሰዎች ወደው የሄዱ ይመስላሉ። በእርግጥ ተደራጊ ግስ ሁሉ መሸሸጊያ አይደለም፤ አድራጊው ካልታወቀ «መስኮቱ ተሰበረ» ከማለት ሌላ ምን ይባላል? መጠየቅ ያለበት አድራጊው እየታወቀ ሲጠፋ፣ በተለይም ሁልጊዜ የሚጠፋው አንድ ወገን ሲሆን ነው።

ታዲያ ቋንቋችን አስተሳሰባችንን ይወስናል ማለት ነው?

ይወስናል ማለት ከማስረጃው ያልፋል፤ ያለማምዳል ማለት ግን ይቻላል። በአውስትራሊያ የሚነገረው የጉጉ ይሚዲር ቋንቋ ቦታን የሚገልጸው በግራና በቀኝ ሳይሆን በሰሜን፣ በደቡብ፣ በምሥራቅና በምዕራብ ነው፤ ተናጋሪዎቹም አቅጣጫን ያለማቋረጥ ይከታተላሉ። ሌላው ሰው ይህን ማሰብ አይችልም ማለት ግን አይደለም፤ ቋንቋው በየደቂቃው አይጠይቀውም እንጂ።

ልጆች ይህን ሁሉ መቼ ይማሩታል?

ከመጀመሪያው ቃል በፊት። ሃሊዴይ የራሱን ልጅ ከዘጠኝ ወሩ ጀምሮ ተከታትሎ፣ ሕፃኑ የአዋቂዎችን ቃላት ሳይይዝ በራሱ ድምፆች ነገር ይጠይቅ፣ ሰው ያዝዝ፣ አብሮ ይጫወት፣ ደስታውን ይገልጽ እንደነበር መዘገበ። «የማታውቀውን ልንገርህ» የሚለው የመረጃ ሥራ ከሁሉም በኋላ የመጣ ነው። አዋቂዎች የቋንቋ ዋና ሥራ አድርገን የምናስበው ነገር በሕፃኑ ዘንድ የመጨረሻው ነበር።

በስልክ የጽሑፍ መልእክት የምንጣላው ለምንድን ነው?

ቃና፣ ፊትና የዝምታ ልክ ስለሚጎድሉ ነው። ጽሑፉ ባዶውን ቦታ ክፍት ይተወዋል፤ አንባቢው ደግሞ በዚያች ሰዓት ባለው ስሜት ይሞላዋል። የፊት ምስሎችና የተደጋገሙ ፊደላት («እሺሺሺ») የጠፋውን ቃና ለመመለስ የሚደረጉ ጥረቶች ናቸው እንጂ የቋንቋ መበላሸት አይደሉም።

ትርጉም ይህን ያህል በዐውድ ላይ የተንጠለጠለ ከሆነ፣ እንዴት መግባባት ይቻላል?

ያለማቋረጥ እየጠገንን ነው የምንግባባው። በ2015 የታተመ በ12 ቋንቋዎች ላይ የተሠራ ጥናት፣ ሰዎች ተራ ወሬ ሲያወሩ በአማካይ በየ1.4 ደቂቃው አንዱ ሌላውን አቁሞ እንደሚያስተካክል አሳይቷል። መንገዶቹም በሁሉም ዘንድ ተመሳሳይ ናቸው። ምንም ያልሰማ ሰው «እ?» ይላል፤ ከፊሉን የሰማ «ማን ነው የመጣው?» ብሎ የጎደለውን ብቻ ይጠይቃል፤ የገመተ ደግሞ «ታላቅ ወንድምህን ማለትህ ነው?» ብሎ ግምቱን ያቀርባል። ሰዎች ከሦስቱ የሚመርጡት የቻሉትን ያህል ለተናጋሪው ሥራ የሚያቀልለውን ነው፤ ከፊሉን የሰማ ሰው ሁሉንም ድገምልኝ አይልም።

ይህ ጥገና ግን የሚሠራው መጠየቅ በሚቻልበት ቦታ ነው። አለቃውን «አልገባኝም» ለማለት የሚፈራ ሠራተኛ፣ የሐኪሙን ጊዜ እንዳያባክን የሚሳቀቅ ታማሚ «እሺ» ይላሉ፤ ያ «እሺ» የመረዳት ሳይሆን የደረጃ ምልክት ነው። ሐኪሙ «ገባዎት?» ብሎ ከጠየቀ መልሱ «አዎ» ነው፤ ለሐኪም «አልገባኝም» ማለት ይከብዳልና። «በትክክል አስረድቼ እንደሆነ ማወቅ እፈልጋለሁ፤ መድኃኒቱን እንዴት እንደሚወስዱት በራስዎ አባባል ይንገሩኝ» ካለ ግን የስሕተቱ ሸክም ከታማሚው ላይ ወርዶ በሐኪሙ ላይ ይሆናል፤ ታማሚውም መድኃኒቱን በቀን ሁለት ጊዜ ነው ወይስ በሁለት ቀን አንድ ጊዜ እንደሆነ የተረዳው እዚያው ይታወቃል።